ስለ ጣውላ ደረጃና ስለ እንጨት ጥራት

በመሥሪያ ቤት ዕቃ ተረክቦ የሚፈርም ሹምም ሆነ ለቤቱ በርና ጣራ የሚያሠራ የቤተሰብ አባት፥ ከእንጨት ነጋዴው በሚቀበለው ወረቀት ላይ «አንደኛ ደረጃ ጣውላ» የሚል ቃል ተጽፎ ያገኛል። ቃሉ ደስ ያሰኛል፤ ዋጋውንም ከፍ ያደርጋል። ዳሩ ግን ይህ እንጨት አንደኛ የሆነው በምን እንደ ሆነ የሚጠይቅ ሰው ጥቂት ነው። በመልኩ ነውን? በብርታቱ ነውን? ወይስ ምስጥና እርጥበት ሳያበላሹት ብዙ ዘመን የሚቆይ በመሆኑ ነው? እነዚህ ሦስት ነገሮች በአንድ እንጨት ላይ አብረው የሚገኙበት ጊዜ አለ፤ የማይገኙበት ጊዜ ግን ይበዛል። ስለዚህ ደረጃውን ብቻ አይቶ ገንዘብ የሚከፍል ሰው፥ ያላስፈለገውን ውበት ገዝቶ ያስፈለገውን ጽናት ሊያጣ ይችላል። በዚህ ጽሑፍ ለመግለጽ ያሰብነው ይህንኑ ነው።

አስቀድመን ስለ ቃላቱ ጥቂት እንናገር፤ አማርኛን በመማር ላይ ለሚገኙ ሹማምንት ነገሩ ይጠቅማልና። «ጣውላ» ከኢጣልያንኛ የመጣ ቃል ነው። በዚያ ቋንቋ ሳንቃም ጠረጴዛም ይጠራበታል። እኛ አፋችንን የፈታንበት ትግርኛ ከሁለቱ ትርጕሞች ጠረጴዛውን ሲወስድ፥ አማርኛ ሳንቃውን ወሰደ። እንግዲህ ትግርኛ ተናጋሪ የሆነ ሹም በአማርኛ «አራት ጣውላ ይላክልኝ» ብሎ ቢጽፍ፥ የሚደርሰው አራት ጠረጴዛ ሳይሆን አራት ሳንቃ ነው። «ሞራሌ» የሚባለውም ከዚያው ከኢጣልያንኛ የተወረሰ ሲሆን፥ በአራት ማዕዘን የተሰነጠቀውን፥ ለጣራና ለኮርኒስ የሚሆነውን ቀጭን እንጨት ያመለክታል። ስለ «ደረጃ» ደግሞ ብንናገር፥ ወደ ሰገነት የምንወጣበትንም መወጣጫ እንዲሁ ደረጃ እንለዋለን።

አገራችን የራሷ የእንጨት ደረጃ የላትም የሚል ሰው ቢኖር እንጨት ተራ ወርዶ ይመልከት። ባሕር ዛፍ (ትግርኛው ቀላሚጦስ ይለዋል) በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፥ በ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ገደማ ወደ ኢትዮጵያ ከገባ ወዲህ፥ ሻጭና ገዥ የሚግባቡባቸው ስሞች ወጥተውለታል። ከቀጭኑ ከጨፈቃ ጀምሮ ማገር፥ ወራጅ፥ ቋሚ፥ አጣና ይባላል። ስሞቹን ልብ ብሎ ለሚያስተውል ሰው አብዛኞቹ የመጠን ስሞች ሳይሆኑ የሥራ ስሞች ናቸው። ቋሚ የተባለው በግድግዳው ውስጥ የሚቆመው ነው፤ ማገር በቋሚዎቹ ላይ ተጋድሞ የሚታሰረው ነው፤ ወራጅ ከጣራው ራስ ወደ ታች የሚወርደው ነው። ገዥውም ነጋዴውን «አንደኛው የትኛው ነው?» ብሎ አይጠይቅም። «ማገር አለህ ወይ?» ብሎ ይጠይቃል፤ ከዚያም የእንጨቱን አንድ ጫፍ ወደ ዓይኑ አንሥቶ፥ ሌላውን ዓይኑን ጨፍኖ፥ እስከ ዳር ድረስ ቀጥ ማለቱን ይመለከታል። ይህ ከሥራው ተነሥቶ እንጨቱን የመምረጥ ልማድ እጅግ ብልህ ነው እንላለን፤ ጣውላ ለመግዛት ስንሄድ ለምን እንደምንረሳው ግን አይገባንም።

ከባሕር ማዶ ያሉ አገሮችም ቢሆኑ መነሻቸው ይኸው ነው፤ ልዩነቱ ነገሩን በቍጥር መወሰናቸው ነው። በአሜሪካ ቅጠላቸው ሰፊ ከሆኑ ዛፎች የሚገኘውን እንጨት የሚነግዱ ሰዎች እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1898 ዓ.ም. ማኅበር አቋቁመው የጋራ የመመዘኛ ደንብ አበጁ። በዚህ ደንብ ከፍተኛውን ደረጃ የሚያገኘው ጣውላ ወርዱ ከ6 ኢንች (15 ሴንቲ ሜትር ያህል)፥ ርዝመቱም ከ8 ጫማ (2 ሜትር ከ40 ሴንቲ ሜትር ያህል) ሳያንስ፥ ከገጹ ከ12 እጅ 10 እጁ ከጉጥና ከስንጥቅ ንጹሕ ሆኖ ሊቈረጥ የሚችለው ነው። ንጹሑ ክፍል ከ12 እጅ 8 እጅ ብቻ የሆነ እንደ ሆነ ጣውላው ዝቅ ያለውን ደረጃ ያገኛል፤ 6 እጅ ብቻ ከሆነ ደግሞ ከዚያም ይወርዳል። መርማሪውም በመሠረቱ የሚመዝነው ያማረውን ፊት አይደለም፤ ጣውላውን ገልብጦ የከፋውን ፊት ነው።

ከዚህ ደንብ የሚገኘው ትምህርት ለኪሳችን ይጠቅማል። ዝቅ ያለውን ደረጃ ያገኘው ጣውላ ደካማ ነው ማለት አይደለም፤ ንጹሑ ክፍል አጠር አጠር ያለ ነው ማለት ብቻ ነው። እንግዲህ ረዥም የግብር ጠረጴዛ የሚያሠራ ሰው ከፍተኛውን ደረጃ ቢገዛ ልክ ነው። ለልጆቹ በርጩማና ወንበር የሚያሠራ ሰው ግን ጣውላው ኋላ በአጫጭሩ የሚቈረጥ ስለ ሆነ፥ ጉጡ በቈረጣው ጊዜ ይወገድለታልና ዝቅ ባለው ደረጃ ያንኑ ያህል መልካም ዕቃ ያሠራል።

በስዊድንና በፊንላንድ ደግሞ ለረዥም ዘመን የሠራ ሌላ ልማድ ነበር። ጣውላውን በስድስት ደረጃ ከፍለው፥ ከአንደኛው እስከ አራተኛው ያለውን አንድ ላይ ቀላቅለው «ያልተለየ» በሚል ስም ወደ ውጭ አገር ይሸጡት ነበር። ከዚያ በታች ያለው «አምስተኛ» ይባላል። ይህን ያላወቀ ተረካቢ በወረቀቱ ላይ «ያልተለየ» የሚል ቃል ሲያይ ነጋዴው አሰስ ገሰሱን የላከበት ይመስለውና ይቈጣል፤ የደረሰው ግን የተሻለው ነው። ደረጃ የተባለው ነገር ያወጡትን ሰዎች ቋንቋ ለማያውቅ ሰው እንዲህ ያሳስታል።

ለጣራና ለወለል ተሸካሚ የሚሆነው እንጨት ግን በመልክ አይመዘንም። በአውሮፓ ደንብ «ሲ 24» የሚል ማኅተም የተመታበት እንጨት፥ እንደዚያው ከተመደቡት ከመቶው 95ቱ ያህል በመጕበጥ ጊዜ በአንድ ካሬ ሚሊ ሜትር 24 ኒውተን የሚያህል ጫና ሳይሰበሩ ይችላሉ ማለት ነው። በዚህ እንጨት ላይ ጉጥ ቢታይ አያስደንቅም፤ ምዝገባው ጉጡንም አስቦ ነውና። መልከ መልካም ሆኖ ደካማ፥ መልከ ጥፉ ሆኖ ብርቱ የሚሆንበት ምክንያት ምን እንደ ሆነ ለማወቅ፥ ጕድለት የሚባሉትን ነገሮች አንድ በአንድ ባይሆንም ዋና ዋናዎቹን መመልከት ያስፈልጋል።

ጉጥ የምንለው ቅርንጫፍ ከግንዱ በወጣበት ስፍራ የሚቀረውን ክብ ምልክት ነው። ጉጡ ራሱ ጠንካራ ነው፤ መላጊያውንም ያደነዝዛል። ጕዳቱ የሚመጣው የእንጨቱ ጅማት ቀጥ ብሎ መሄዱን ትቶ በጉጡ ዙሪያ ስለሚጠማዘዝ ነው። ቅርንጫፉ በሕይወት ሳለ የተዋጠው ጉጥ ከእንጨቱ ጋር ተዋሕዶ ይኖራል። ቅርንጫፉ ከደረቀ በኋላ የተዋጠው ግን ዙሪያው ጥቁር ቀለበት ይዞ ይታያል፤ እንጨቱ ሲደርቅም ወልቆ ቀዳዳ ይተዋል። የጉጡ ስፍራም መታየት አለበት። በሁለት ግድግዳ ላይ የተጋደመ ተሸካሚ ጭነት በተጫነው ጊዜ የላይኛው ወገኑ ይታመቃል፥ የታችኛው ወገኑ ይሳባል። በታችኛው ጠርዝ በመካከሉ ላይ ትልቅ ጉጥ ያለበት እንጨት መሰበር የሚጀምረው ከዚያ ነው። ስለዚህ ልባም አናጢ እንዲህ ያለውን እንጨት ካልጣለው ጉጡን ወደ ላይ አድርጎ ይሰቅለዋል። ያው እንጨት፥ ያው ደረጃ፥ በመገልበጥ ብቻ ብርታቱ ይለወጣል።

ከጉጥ ይልቅ ተሰውሮ የሚጐዳው የጅማቱ መዝመም ነው። ጅማቱ የጣውላውን ርዝመት ተከትሎ ቀጥ ብሎ ሊሄድ ሲገባው ወደ ጠርዝ እያዘነበለ ይወጣል። በ10 ሴንቲ ሜትር ርዝመት ውስጥ 1 ሴንቲ ሜትር ያህል ቢያዘነብል፥ እንጨቱ ጕብጠትን ከሚችልበት ኃይል አንድ አምስተኛ ያህሉን ያጣል፤ በ5 ሴንቲ ሜትር ውስጥ 1 ሴንቲ ሜትር ቢያዘነብል ግን ግማሽ ሊሆን ጥቂት የቀረውን ያጣል። በእንዲህ ያለው ጣውላ ላይ አንድም ጉጥ ላይኖር ይችላል፤ ፊቱም ንጹሕ ነው። ለማወቅ የሚፈልግ ሹም ከጽሕፈት ጠረጴዛው የማይጠፋውን ቀለም ጥቂት ጠብታ በተላገው እንጨት ላይ ያንጠባጥብ፤ ቀለሙ ጅማቱን ተከትሎ ስለሚሰርግ መንገዱን ያሳየዋል። ባሕር ዛፍ በዚህ ነገር የታወቀ ነው። ጅማቱ ብዙ ጊዜ እንደ ገመድ የተጠማዘዘ ነው፤ በውስጡም በዕድገቱ ጊዜ የተከማቸ ውጥረት ስላለ፥ ሲቈረጥ ከጫፉ ይሰነጠቃል፤ ጣውላ ሲሆንም ይጣመማል። ክቡን እንዳለ በቋሚነት ወይም በወራጅነት ስንሠራበት ግን ጅማቱ በመጋዝ ስላልተቈረጠ እጅግ ብርቱ ነው። የእንጨት ተራ ሰዎች ባሕር ዛፍን በድቡልቡሉ መውደዳቸው ያለ ምክንያት አይደለም።

በጠርዙ ላይ ቅርፊት የቀረበት ጣውላ ወርዱ ስለሚጐድል ምስማር መያዣ ያሳጣል እንጂ ሌላ ብዙ ጕዳት የለውም። ሰማያዊ ነጠብጣብም መልክን እንጂ ብርታትን ብዙ አይነካም። በጥፍር ሲጫኑት የሚሰረጕደውንና ሽታው የሻገተውን ግን ዋጋው ምንም ቢረክስ አለመቀበል ነው።

አሁን ከሁሉ ይልቅ ሰው ወደሚዘነጋው፥ በደረጃው ወረቀት ላይም ብዙ ጊዜ ወደማይጻፈው ወደ እርጥበት እንምጣ። በስሙ የማንጠራው አንድ መሥሪያ ቤት ለአንድ ትምህርት ቤት በርና መስኮት የሚሆን ጣውላ በክረምት ገዝቶ ነበር። ተረካቢዎቹ ጣውላውን እያገላበጡ አዩት፤ ጉጥ የለበትም፥ ስንጥቅም የለበትም፤ ፈርመውም ተቀበሉ። በሮቹ ተሠርተው ቀለም ተቀቡ። በጥር ወር እኛ ያንን ትምህርት ቤት ለመጐብኘት በሄድን ጊዜ በሳንቃዎቹ መካከል የልጅ ጣት የሚያስገባ ክፍተት ተከፍቶ ነበር። የአንደኛው በር መወርወሪያ ከመያዣው ጋር አይገናኝም፤ የሌላው ታችኛ ጥግ ተጣሞ መሬቱን ይፍቅ ነበር። መምህራኑ የሚመጣው ክረምት ወጀቡን እየነዳ መጻሕፍቱን እንዳያረጥብባቸው በክፍተቱ ላይ ቆርቆሮ ይመቱ ነበር። ነጋዴው ተጠርቶ ሲጠየቅ «አንደኛ ደረጃ ሸጥሁ፥ አንደኛ ደረጃ አስረከብሁ» አለ። እውነቱን ነበር። በውሉ ላይ ስለ እርጥበት አንዲት ቃል አልተጻፈችም ነበርና የመንግሥት ገንዘብ በዚያው ቀረ።

የነገሩ ምክንያት ይህ ነው። በእንጨት ውስጥ ያለው ውሃ የሚለካው ከደረቀው እንጨት ክብደት ጋር ተመዛዝኖ ነው። ከጣውላው መካከል (ከጫፉ አይደለም፤ ጫፉ ቀድሞ ይደርቃልና) ትንሽ ቍራጭ ወስደን ብንመዝነው 260 ግራም ሆነ እንበል። ሙቀቱ ከ100 ዲግሪ ጥቂት ከፍ ባለ ምድጃ ክብደቱ መቀነስ እስኪያቆም ድረስ ብናደርቀው ወደ 200 ግራም ወረደ። የጠፋው 60 ግራም ውሃ ነው፤ 60 ለ200 ሲካፈል እርጥበቱ ከመቶ 30 ነው ማለት ነው። አሁን በተቈረጠ ዛፍ ላይ ይህ ቍጥር ከመቶም ሊያልፍ ይችላል። እንጨቱ ከዚያ ተነሥቶ እስከ ከመቶ 30 ያህል ድረስ ሲደርቅ ክብደቱ ይቀንሳል እንጂ መጠኑ አይለወጥም። መሸሽ የሚጀምረው ከዚያ በታች ሲወርድ ነው። ብዙ ሰው የሚታለለው በዚህ ነው፤ «አንድ ወር በግቢ ተቀምጦ ምንም አልሆነም» ይላል፤ ገና የሚሆንበት ጊዜ አልደረሰም ነበር። በርዝመቱ የሚሸሸው ከቍጥር የሚገባ አይደለም። በወርዱ ግን፥ የዕድገቱን ቀለበት ተከትሎ የሚሸሸው ከልቡ ወደ ቅርፊቱ ባለው አቅጣጫ ከሚሸሸው ሁለት እጥፍ ያህል ነው። ጣውላው እንደ ቦይ የሚጐደጕደውና ጠርዞቹ ወደ ቅርፊቱ ወገን የሚነሡት በዚህ አለመመጣጠን ነው። ወርዱ 80 ሴንቲ ሜትር የሆነ በር ከመቶ 5 ብቻ ቢሸሽ 4 ሴንቲ ሜትር ይጐድላል፤ የትምህርት ቤቱ በሮች ታሪክ በዚህ ስሌት ያልቃል። በአሜሪካ ደንብ «ደረቅ» ተብሎ ለቤት ሥራ የሚሸጠው እንጨት እርጥበቱ ከመቶ 19 መብለጥ የለበትም፤ ለቤት ዕቃ የሚሆነው ደግሞ ከዚህ እጅግ ዝቅ ማለት አለበት።

የቀረው የዛፉ ዐይነት ነው፤ ስለዚህም የፊት ደረጃ ምንም አይናገርም። ዝግባን እንውሰድ። ግንዱ ቀጥ ያለ፥ እንጨቱ ገርጣ ያለ ቢጫ፥ ለመጋዝም ለመላጊያም የሚታዘዝ ነው። ረዥምና ንጹሕ ጣውላ ስለሚወጣው በፊቱ ሲመዘን ከሁሉ ይቀድማል። ለኮርኒስና ለውስጥ ሥራ የሚመረጥ ነው፤ እርጥብ መሬት በነካ ጊዜ ግን ቶሎ ይበሰብሳል፥ ምስጥም ይበላዋል። ጥድ ደግሞ፥ በትግርኛ ጽሕዲ የምንለው፥ ግንዱ ሸንተረር የበዛበት፥ ጉጡ የማያልቅ፥ ያረጀውም ብዙ ጊዜ ልቡ በውስጥ በስብሶ የሚገኝ ነው። ጥቂት ንጹሕ ጣውላ ቢወጣው ነው፤ በፊት ደረጃ ወደ ኋላ ይቀራል። ሆኖም ጤነኛው ቀይ ልቡ፥ ያ እርሳስ ስንቀርጽ የምናሸትተው ዐይነት መዓዛ ያለው፥ ምስጥንም መበስበስንም ይቋቋማል። እንግዲህ ለበር መቃን ግርጌና ለደፍ ንጹሑን ዝግባ ገዝቶ ጉጣሙን ጥድ የናቀ ሰው በወረቀቱ ደረጃ ረክቶ በቤቱ ያዝናል።

አባቶቻችን በትግራይና በኤርትራ ደጋ ህድሞ የሚባለውን ቤት ሲሠሩ፥ በአፈር የተደለደለውን እጅግ ከባድ ጣራ ያሸከሙት ጥድንና ወይራን ነው። ወይራ (አውሊዕ) አጭርና ጠማማ ነው፤ ረዥም ጣውላ አይወጣውም፤ ክብደቱና ጽናቱ ግን የታወቀ ነው። በደብረ ዳሞ ገዳም ቤተ ክርስቲያንም በድንጋዩ ንብርብር መካከል እየተጋደመ የገባውን እንጨት እስከ ዛሬ ማየት ይቻላል። በዚያ ስፍራ የረዳው የዛፉ ዐይነት ብቻ አይደለም፤ ውሃ የማይቆምበት ደረቅ አምባ መሆኑም ነው። እርጥበቱ ከመቶ 20 በታች የሆነ እንጨት አይበሰብስምና።

ዋንዛ (በትግርኛ አውሒ) በልኩ የሚደርቅ፥ ለመሥራት የሚመች፥ ለወንበርና ለጠረጴዛ የሚወደድ እንጨት ስለ ሆነ ብዙ ልናወራለት በወደድን ነበር፤ ነገር ግን ደኑ እየሳሳ ሄዷል። በ1986 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቍጥር 94 ከመንግሥት ደን ዋንዛን፥ ኮሶን፥ ዝግባንና ጥድን መቍረጥ ከልክሏል፤ ያ አዋጅ ኋላ በሌላ ቢተካም ዛፎቹ ከሥጋት አልወጡም። ከእነዚህ ዐይነቶች ጣውላ የቀረበለት ሹም ስለ ጉጡ ከመጠየቁ በፊት እንጨቱ ከየት እንደ ተቈረጠ የሚያስረዳ ወረቀት ይጠይቅ።

የግዥ ትእዛዝ በሚጻፍበት ጊዜ «አንደኛ ደረጃ ጣውላ» ብሎ ማቆም በቂ አይደለም። እንጨቱ የሚሠራለት ነገር በግልጽ ይጻፍ፤ «ለውጭ በር» ወይም «ለኮርኒስ» ወይም «ለጣራ ተሸካሚ» ይባል። የዛፉ ዐይነት፥ የእርጥበቱ ወሰን፥ ውፍረቱና ወርዱም ይጻፍ፤ ውፍረቱ ሲጻፍ ከመላግ በፊት ይሁን ከተላገ በኋላ መለየት አለበት፤ በዚህ ጕዳይ ብዙ ክርክር ይነሣልና። በርክክብ ጊዜ ከክምሩ ላይኛው ንብር ብቻ ሳይሆን ከመካከሉና ከታችኛውም ይመዘዝ። ከላይ የተቀመጠው የተመረጠው ነው፤ ይህንን ለመናገር ነጋዴን መክሰስ አያስፈልግም፥ ቲማቲም ሻጭም እንዲሁ ያደርጋል።

ጣውላው ከገባ በኋላ ወዲያው የማይሠራበት ከሆነ አቀማመጡ ይታሰብበት። ከመሬት ከፍ ባለ መደብ ላይ፥ ፀሐይና ዝናብ በማይነካው፥ ነፋስ ግን በሚያልፍበት ስፍራ ይከመር። በየንብሩ መካከል ውፍረታቸው እኩል የሆኑ ደረቅ ዘንጎች ይግቡ፤ ከላይም ድንጋይ ይጫንበት። ዘንጎቹ ከታች እስከ ላይ በአንድ መስመር ትክክል አንዱ ካንዱ በላይ መዋል አለባቸው፤ ከመስመር የወጣ ዘንግ በላዩ ያለውን ጣውላ ሁሉ በዚያ ስፍራ ያጐብጠዋል፤ እንደዚያ ሆኖ የደረቀውንም ኋላ መላጊያ አያቃናውም።